ቶሺኮ በሩ ላይ

ጋሽ ካዙ መሞቱን ስንሰማ እማዬ መጀመሪያ የጠየቀችው "ጨርሰው ነው ወይስ ሳይጨርሱ?" ብላ ነው።

ሰው ሞተ ሲባል እንዲህ አይጠየቅም። ነፍስ ይማር ይባላል፣ ምን አገኘው ይባላል፣ ቢያንስ ጭንቅላት ይያዛል። ዜናውን ልትነግረን የመጣችው ልጁ ኤሚ ግን አልከፋትም። ሬስቶራንታችን ውስጥ አባቷ ሁሌ የሚቀመጥበት ወንበር ላይ ተቀምጣ ነበር፣ መስኮቱ ጋ፣ ፌርፋክስ መንገድ ላይ ፓርኪንግ ፍለጋ የሚዞረው መኪና ሁሉ የሚታይበት ቦታ። ጥያቄውን ተርጉሜ ስነግራት መጀመሪያ አየችኝ፣ ከዛ ሳቀች፣ ከዛ አለቀሰች፣ ከዛ እንደገና ሳቀች።

"ጨርሷል" አለች። "የዛሬ ሦስት ሳምንት ፖስታ ቤት የወሰድኩለት እኔ ነኝ። እንዴት እንደጨረሰው ግን አላውቅም። አሽጎ ነው የሰጠኝ።"

እማዬ ይሄን ስነግራት ወገቧን ያዘች። "ጉድ ነው፣ ይዘውት ሄዱ'ኮ!" አለች። ነፍስ ይማር ያለችው ከዛ በኋላ ነው።

ሶ፣ እዚህ ሰፈር የአንድ ጃፓናዊ ሽማግሌ ጽሑፍ አለቀ አላለቀ ብሎ ሁሉ ሰው ለምን እንደሚጨነቅ ማስረዳት አለብኝ። እማዬ "እሳቸው በዪ" ትለኛለች። አልልም። እሱ ራሱ ካዙ በዪኝ ብሎኛል፣ "ጋሽ"ን የጨመርኩት እሷ እንዳትቆጣ ነው።

መጀመሪያ ሲመጣ ከኮሌጅ ከተመረቅኩ ሁለት ሳምንቴ ነበር። ኮምዩኒኬሽን ነው ያጠናሁት። በቀን አስር ቦታ አፕላይ አደርጋለሁ፣ መልስ የለም፣ እስከዛው የእማዬ ሬስቶራንት ውስጥ ጠረጴዛ እጠርጋለሁ። አንድ ቀን ከምሳ በኋላ ቤቱ ጭር ሲል፣ ሸሚዙን ጥንቅቅ አድርጎ የተኮሰ፣ እጁ ላይ የእርሳስ ሳጥን የያዘ ሽማግሌ ገባ። ሽሮ በጣቱ አሳይቶ አዘዘ። ሹካ ላምጣልህ ስለው እምቢ አለ።

"የመጣሁት ሹካ ስለሌለ ነው" አለኝ በቀስታ እንግሊዝኛው። "ሹካ ከሌለ ሰው እጁን መደበቅ አይችልም። ሰው አፉ ይዋሻል፣ እጁ ግን ልምድ የለውም።"

እብድ ነው ብዬ አሰብኩ። ሥራው ምን እንደሆነ የነገረኝ በሦስተኛው ቀን ነው። ቶኪዮ ውስጥ ዕድሜውን በሙሉ የፊልምና የቴሌቪዥን ድራማ ጸሐፊ ነበር። ፊልም ስቱዲዮ የገባው ሻይ አቅራቢ ሆኖ ነው። አንድ ቀን ዳይሬክተሩ ከስክሪፕቱ አንድ ገጽ ጠፍቶበት ሲጮህ እሱ ጽፎ ከሻይው ጋር አቀረበለት። ከዛ ሰው ሁሉ ቤቱ ተቀምጦ ቴሌቪዥን ማየት ጀመረና ስቱዲዮዎቹ ቀዘቀዙ፣ እሱም ወደ ቴሌቪዥን ዞረ። የቤተሰብ ድራማ፣ የሳሙራይ፣ የመርማሪ፣ የልጆች፣ የታዘዘውን ሁሉ ጻፈ። ስንት ሰው በመርዝ እንደገደለ አያውቀውም።

"ለምን በመርዝ?" ስለው፦ "ጥይት ባጀት ይበላል። ጎራዴ ደም አለው፣ ልብስ ይበላሻል። በመርዝ የሞተ ሰው ግን ዝም ብሎ ይተኛል፣ ከሰዓት ሌላ ድራማ ላይ ይሠራል።"

የልጆቹ ድራማ ውስጥ አንድ ትልቅ የላስቲክ ጭራቅ ነበረ። ሊቀረጽ ሲል እግሩ ተቀደደ። ሌላ ልብስ የለም፣ ጊዜ የለም። ሶ፣ ጋሽ ካዙ ደረጃ ላይ ቁጭ ብሎ በአንድ ሰዓት ውስጥ ክፍሉን እንደ አዲስ ጻፈው፣ ጭራቁ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ተቀምጦ እንዲውል። ከተማ ሊያፈርስ መጥቶ ተቀምጦ ባሕሩን እያየ ይቆዝማል። በሚቀጥለው ሳምንት ከልጆች ደብዳቤ ጎረፈ፦ ጭራቁ አሞት ነው? አሁን ተሻለው?

ይሄን ሲነግረኝ ሳቄን መቆጣጠር አቅቶኝ ትሪ ጥያለሁ።

የሥራው ሁኔታ ደግሞ ለብቻው ነው። ቶኪዮ እያለ፣ የጻፈውን ለፕሮዲዩሰር ከመስጠቱ በፊት ሰፈሩ ላለች አንዲት የፓስታ ሾርባ ሻጭ ያወራላታል። ሴትየዋ ጠረጴዛ እየጠረገች ነው የምትሰማው። ጨርቁ ከቆመ ትዕይንቱ ይቀራል። ጨርቁ መጥረጉን ከቀጠለ ይቆረጣል።

"እሷ ከሞተች በኋላ የጻፍኩት ሁሉ ረጅም ነው" አለኝ።

እኔ ላይ ሊሞክር አንድ የመርማሪ ታሪክ ጀመረልኝ። እኔ ጨርቄን ይዤ ክንድህን አንሳልኝ እያልኩ ጠረግኩ።

"ሰለቸሽ?"

"አዎ።"

"የት ጋ?"

"ሰውየው ባቡር ሲጠብቅ። ይምጣ በቃ ባቡሩ።"

እርሳሱን አወጣና ገጹን ከላይ እስከ ታች ሰረዘው፣ ደስ ብሎት። "በጣም ጎበዝ ነሽ" አለኝ። "ቶሎ ትሰለቺያለሽ።" ከተወለድኩ ጀምሮ ሰው ሁሉ ታገሺ፣ ተረጋጊ፣ ምን ያስቸኩልሻል ሲለኝ ነው የኖርኩት። ትዕግስት ማጣቴን ሥራ ብሎ የቀጠረኝ የመጀመሪያው ሰው ጋሽ ካዙ ነው። ደሞዝ የለውም እንጂ።

የሚጽፍበት ወረቀት በሙሉ ካሬ ካሬ ነው፣ ሁለት መቶ ካሬ፣ ለእያንዳንዱ ፊደል አንድ ቤት። አንድ ቀን ለኩሽና ትዕዛዝ በአማርኛ ስጽፍ አየና ወረቀቱን አስጠግቶ ስሜን እንድጽፍለት ጠየቀኝ። ማ፣ ህ፣ ሌ፣ ት። አራት ካሬ ላይ ልክ ገባ። ማጨብጨብ ብቻ ነው የቀረው። "እንግሊዝኛ ካሬ ውስጥ አይገባም፣ ይፈሳል። የእናንተ ግን ልኩ ነው" አለ። ከዛ እማዬ ቀኑን ሙሉ ለሰው ሁሉ የምትለውን ቃል አስጻፈኝ። ቆይ። "ሁለት ካሬ ብቻ!" አለ። "በእኛ ሰባት ይፈጃል።" ከዛን ቀን ጀምሮ ሻይ ላምጣ ስለው ቆይ፣ ሂሳብ ስለው ቆይ፣ ልዘጋ ነው ስለው ቆይ።

አሁን ስለ ቶሺኮ።

ጋሽ ካዙ ከጻፈው ሁሉ የሚወደው አንድ ድራማ ነበር። ቶሺኮ የምትባል ልብስ ሰፊ አለች። ባሏ አንድ ቀን ሲጋራ ልግዛ ብሎ ወጥቶ አስራ አንድ ዓመት ይጠፋል። ቤቷ ውስጥ ሱቅ ከፍታ እየሰፋች ልጆቿን ታሳድጋለች። ከዛ አንድ ዝናባማ ቀን በር ይንኳኳል። በመስኮት ስታይ እሱ ነው። ሄዳ እጇን የበሩ እጀታ ላይ ታደርጋለች። ክፍሉ እዛ ላይ ያልቃል። የቀረው አንድ ክፍል ብቻ ነበር። ግን የድራማው ስፖንሰር፣ አንድ የሳሙና ኩባንያ፣ ሐሳቡን ቀየረና ሰዓቱ ለምግብ ዝግጅት ፕሮግራም ተሰጠ። በቃ። ቶሺኮ ከሠላሳ ዓመት በላይ እጇን እጀታው ላይ አድርጋ ቆማ ቀረች።

ቶሺኮን ሆና የሠራችው ተዋናይ ሚቺኮ ትባላለች። በየዓመቱ አዲስ ዓመት ሲመጣ ፖስት ካርድ ትልክለታለች፣ ሁሌም አንድ መስመር፦ "እጄ ደከመኝ፣ ልክፈት ወይስ አልክፈት?" እንደ ቀልድ ነበር። ዘንድሮ ግን ጽሑፉ ተጣሟል። ዓይኗ እየጠፋ ነው፣ በትልቅ ማጉያ ነው የምታነበው፣ ሐኪሙ እሱም ለትንሽ ጊዜ ነው ብሏታል። ጋሽ ካዙ ካርዱን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ አሳየኝ። "በራሷ ዓይን ማንበብ አለባት" አለ። ስንት ዓመት ሙሉ መጨረሻውን ሊጽፍ ሞክሯል። ብትከፍትም ውሸት ይሆንበታል፣ ባትከፍትም ውሸት ይሆንበታል።

አሁን ጥፋቴን ልናገር። እትዬ አልማዝ የምትባል ደንበኛ አለችን፣ ጴንጤ ናት፣ ዌስትቼስተር ሰፈር ያለ ሆቴል ነው የምትሠራው። ጋሽ ካዙ ካርዱን ይዞ ፊቱ ተለዋውጦ አየችውና "ሰውዬው ምን ሆነው ነው?" አለችኝ። ሦስት ጠረጴዛ እየጠበቀኝ ነበር። "ቶሺኮ የምትባል ሴት አለች፣ ባሏ አስራ አንድ ዓመት ጥሏት ጠፍቶ አሁን መጥቶ በር እያንኳኳ ነው፣ መክፈት አቅቷታል፣ ጋሽ ካዙም ምን እንደሚላት ጨንቆታል" አልኳትና ሄድኩ። ድራማ የሚለውን አልነገርኳትም። ረጅም መሰለኝ።

ረቡዕ ቶሺኮ የእትዬ አልማዝ ቤተ ክርስቲያን የጸሎት ዝርዝር ውስጥ ገባች። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሽማግሌዎች መጡ።

ሦስት ናቸው። መሪው ጋሽ ታደሰ ነው፣ ዕድሜ ልኩን ኤርፖርት ታክሲ የነዳ፣ ከክሬንሾው ሰፈር እስከ እዚህ ያላስታረቀው ባልና ሚስት የሌለ። ሦስቱም ሱፍ ለብሰው፣ እትዬ አልማዝን አስከትለው ገብተው ጋሽ ካዙ ጠረጴዛ ፊት በሰልፍ ቆሙ። እማዬ ወንበር ስባ "ተቀመጡ" ብትል ጋሽ ታደሰ እጁን አነሳ። "ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም።"

ጋሽ ካዙ ታዲያ ሽማግሌ ቆሞ እሱ እንዴት ይቀመጣል? ብድግ ብሎ አጎነበሰ። ጋሽ ታደሰ የተከበረ መስሎት እሱም አጎነበሰ። ጋሽ ካዙ ደግሞ በእነሱ አገር ያጎነበሰልህ ሰው ካለ ከእሱ ዝቅ ማለት አለብህ፣ ዝቅ አለ። ሦስቱም ዝቅ አሉ። እሱ የባሰ ዝቅ አለ። አንደኛው ሽማግሌ ወገቡን ይዞ "ታደሰ፣ እኔ ከዚህ በታች አልችልም" እስኪል ድረስ ቀጠሉ።

"እንግዲህ" አለ ጋሽ ታደሰ ቀና ብሎ፣ "ሰው አገር ሽማግሌ የሌለው ሰው የለም። በእህትዎ በቶሺኮ ጉዳይ ነው የመጣነው።"

ጎንበስ ብዬ በእንግሊዝኛ፣ በሹክሹክታ፣ ጥፋቱ የኔ ነው፣ ቶሺኮን እውነተኛ ሰው አድርገዋታል፣ አሁን እነግራቸዋለሁ አልኩት።

ዓይኑ እንዴት እንደበራ። "ቆይ" አለኝ። "መጀመሪያ ይጠይቁ።"

"ነውር ነው'ኮ።"

"ዕድሜዬን ሙሉ የጠየቁኝ ፕሮዲዩሰሮች ናቸው። እነሱ የሚጠይቁት ስንት ደቂቃ ይፈጃል ብለው ነው። ይጠይቁ። ይቅርታውን እኔ እጠይቃለሁ።"

ሶ፣ ተረጎምኩ። እየጠረግኩ፣ ምክንያቱም ፊታቸውን ማየት አልቻልኩም። ሰውየው ሌላ ሴት አለችው? አልነበረችውም፣ ፈሪ ስለሆነ ነው የሄደው። ልጆቹ ምን ይላሉ? ትልቁ አይፈልገውም፣ ትንሿ አታውቀውም። ይጠጣል? ድሮ። እትዬ አልማዝ "ጌታ ሆይ" እያለች እንባዋን ትጠርጋለች። ሁለቱ ሽማግሌዎች አንዱ ትክፈት፣ አንዱ አትክፈት ብለው ተከራከሩ። ጋሽ ካዙ ሁሉንም በየካሬው ይጽፋል።

ከዛ ጋሽ ታደሰ አገጩን አሸት አሸት አደረገና፦ "ቆይ፣ ቤቱ ያው የድሮ ቤታቸው ነው?"

"ያው ነው።"

"ቁልፉን ቀይራዋለች?"

ጋሽ ካዙ እርሳሱ ቆመ። "አልቀየረችም" አለ ቀስ ብሎ።

"ታዲያ ሰውየው ቁልፍ የለውም እንዴ? የገዛ ቤቱን ለምን ያንኳኳል?"

ጋሽ ካዙ ጋሽ ታደሰን አላየውም። የሚያየው እኔን ነው፣ እጄን። ጎንበስ ብዬ ሳይ ጨርቁ ቆሟል። ሦስት ወር ሙሉ ላንድም ታሪክ ቆሞ የማያውቅ ጨርቅ።

ከዛ ጋሽ ካዙ መሬት ላይ ተንበርክኮ ግንባሩን ወለሉ ላይ አደረገ። ሊያነሱት ሲሯሯጡ እዛው ሆኖ እውነቱን ነገራቸው፣ እኔም አንድ ቃል ሳላስቀር ተረጎምኩ። ቶሺኮ የቴሌቪዥን ሰው ናት።

መጀመሪያ አፏን የከፈተችው እትዬ አልማዝ ናት። "ሦስት ቀን ጾሜያለሁ" አለች። "ጾሙ አሁን የት ይሂድ?"

"ለሚቺኮ ዓይን ያድርጉላት" አለ ጋሽ ካዙ። "እሷ እውነተኛ ናት።"

ጋሽ ታደሰ የኮቱን ቁልፎች አንድ በአንድ ቆለፈ። ሊወጣ ነው አልኩ። ወንበር ስቦ ተቀመጠ። "ኦኬ" አለ። "የቴሌቪዥንም ትሁን። ቁልፉስ?"

በማግስቱ ጋሽ ካዙ እቃ ቤት ቆልፉብኝ አለ። ጃፓን ውስጥ ጸሐፊ ሲያስቸግር ፕሮዲዩሰሩ ሆቴል ወስዶ ክፍል ውስጥ ይዘጋበታል፣ ጽፎ እስኪጨርስ አይወጣም፣ ቆርቆሮ ውስጥ ማሸግ ነው የሚሉት፣ እንደ ሰርዲን። እማዬ ጮኸች። "ሽማግሌ ቆልፋ አገኘናት ተብዬ ዜና ላይ ልውጣ?" ሶ፣ ቁልፉ የኔ ሽርጥ ኪስ ገባ። እቃ ቤቱ በጓሮ በኩል የሚያስወጣ ሌላ በር አለው፣ ቆልፈነው አናውቅም። እኔም አውቃለሁ፣ እሱም ያውቃል፣ አንዳችንም አላነሳነውም። በጤፍ ከረጢትና በበርበሬ መሀል ጠረጴዛ አስገባንለት። ሲያስነጥስ መንገድ ላይ ይሰማል።

ሲያንኳኳ፦ "ምን ፈለግክ?"

"ሻይ።"

"ገጽ አሳየኝ።"

በበሩ ስር አንድ ካሬ ወረቀት ይወጣል፣ በጃፓንኛ፣ አንድም ቃል አይገባኝም፣ ግን ሙሉ መሆኑን አይቼ ሻይ እሰጠዋለሁ። አንዴ በሩን ሦስቴ አንኳኳ። "ምን?" አልኩት። "ምንም። ቁልፉ ሰው እጅ ያለ በር ማንኳኳት ምን እንደሚመስል ልየው ብዬ ነው" አለ። "ያሳፍራል። ጥሩ ነው።"

በሦስተኛው ቀን ወጣ፣ አፍንጫው ቀልቶ፣ የታሸገ ፖስታ ይዞ። ጨረስከው? ስለው፦ "ቆይ።" ከፈተችለት? ስለው፦ "ቆይ።" ቢያንስ በሩ ይከፈታል? "ቆይ። መጀመሪያ እሷ ታንብብ። እጇ የደከመው እሷ ናት።" ሁለት ቀን አኮረፍኩት። ጋሽ ታደሰ በየቀኑ እየመጣ "የቁልፉ ነገር ምን ሆነ?" ይላል፣ መልሱ ያው ሁለት ካሬ ነው። ሦስት ሳምንት እንዲህ አሰቃየን። ከዛ አንድ ከሰዓት ቤቱ ሶፋ ላይ ጋደም እንዳለ አልነቃም።

እማዬ አርባውን እናውጣለት አለች። ኤሚ በእነሱ አርባ ዘጠነኛው ቀን ነው አለች። ዘጠኝ ቀን ላይ ማን ይጣላል፣ እማዬ ሁለቱንም አበሰለች። በአርባ ዘጠነኛው ቀን ኤሚ ስልኳን ጠርሙስ ላይ አስደግፋ ጠረጴዛው ላይ አቆመችው። እዚህ ከሰዓት ነው፣ ቶኪዮ ጠዋት። ስክሪኑ ላይ ፀጉሯን የተሠራች፣ ሊፒስቲክ የተቀባች፣ ትንሽዬ ሴት አለች። እጇ ላይ የሻይ ማስቀመጫ የሚያህል ማጉያ።

"ሚቺኮ ናት" አለች ኤሚ። "አንብባዋለች። በራሷ ዓይን። አሁን ልታነብላችሁ ነው።"

እትዬ አልማዝ "ተመስገን" አለች፣ ጾሙ ቦታ እንደደረሰ ሁሉ። ሦስቱ ሽማግሌዎች ሱፋቸውን ለብሰው ተጠጉ። ሚቺኮ ታነባለች፣ ኤሚ በእንግሊዝኛ ታንሾካሹካለች፣ እኔ በአማርኛ። በሕይወቴ እንደዛን ቀን ቀስ ብዬ ተናግሬ አላውቅም።

ዝናብ ነው። በሩ ይንኳኳል። ቶሺኮ እጇ እጀታው ላይ ነው። ረጅም ዝምታ። ከዛ ቶሺኮ ከበሩ ጀርባ፦ "ቁልፍ አለህ አይደል።" እጇን ከእጀታው ታነሳለች። ሄዳ የስፌት ማሽኗ ላይ ትቀመጣለች።

ጋሽ ታደሰ ክንዴን ያዘኝ።

ውጭ ሰውየው ኪሱን ሲፈትሽ ይሰማል። ረጅም ጊዜ። ቁልፍ ቀዳዳው ውስጥ ይገባል። ይዞራል። ልኩ ነው፣ አልተቀየረም። በሩ ይከፈታል፣ ሰውየው ዝናብ እየተንጠባጠበበት ደፉ ላይ ይቆማል፣ እግሩን ያነሳል። ቶሺኮ ቀና ሳትል፣ እየሰፋች፣ አንድ ቃል ትናገራለች። ሚቺኮ ማጉያዋን አስጠጋች፣ ከንፈሯን አዘጋጀች፣

"ቆይ።"

ኤሚ መተርጎሟን አቋረጠች። "ይሄ ጃፓንኛ አይደለም" አለችኝ። ሚቺኮ ወረቀቱን ወደ ስልኩ አስጠጋችው። በዛ ሁሉ የእነሱ ጽሑፍ መሀል፣ ሁለት ካሬ ውስጥ፣ በሕፃን እጅ የተጻፈ የሚመስል፣ ቆ፣ ይ። ጎኑ ላይ አነባበቡን በእነሱ ፊደል አድርጎላታል።

ከዛ የመጨረሻው መስመር ብቻ ነው የቀረው። ቶሺኮ መስፋቷን ትቀጥላለች፣ ሰውየው አንድ እግሩን አንስቶ ይጠብቃል፣ የማሽኑ ድምፅ፣ አለቀ።

"ይበለው" አለ ጋሽ ታደሰ፣ ከሆዱ። "አስራ አንድ ዓመት የጠበቀችውን እሱ ስፌቷ እስኪያልቅ ይጠብቅ።" እማዬ በነጠላዋ አፏን ይዛ ትስቃለች፣ እትዬ አልማዝ ታለቅሳለች፣ ሁለቱ ሽማግሌዎች ትከፍታለች ያልኩት እኔ ነኝ፣ የለም እኔ ነኝ ብለው ጀመሩ።

ሚቺኮ የሆነ ነገር ጠየቀች። ኤሚ ወደ እኔ ዞረች።

"ዳር ላይ ማስታወሻ ጽፎላታል። አንብበሽ ስትጨርሺ የምትጠርገዋን ልጅ እጅ አሳዩኝ በያቸው ብሏል። ስክሪኑ ላይ ልታየው ትፈልጋለች።"

ስልኩን ከጠርሙሱ አንስቼ ወደ ቀኝ እጄ አዞርኩት። ጨርቁ ጠረጴዛው መሀል ላይ ነው። ከየትኛው መስመር ጀምሮ እንደቆመ አላውቅም።

ቶኪዮ ውስጥ ያለችው ሴት ማጉያዋን ስክሪኑ ላይ አስጠግታ ብዙ አየችው። ከዛ ሳቀች፣ ስፌት ማሽን ላይ እንደተቀመጠ ሰው ጣቶቿን አፍታታች፣ እና እጇን ጭኗ ላይ አሳረፈችው።